ከቃሬዛው ኋላ

ሉትፋ ከትውልድ ከተማዋ ከባሪሳል ከወጣች አስራ ስምንት ዓመቷ ነው። ለምን እንደወጣች የሚጠይቃት ሰው አሁንም አይጠፋም፤ እሷ ግን መልሱን መናገር ሰልችቷታል።

መንግሥትና ሃይማኖት ይለያዩ፣ ሴትም እንደ ሰው ትቆጠር ብላ ጻፈች። በተለይ «ሴት ልጅ እናቷን እስከ መቃብር የማትሸኘው ለምንድን ነው?» ያለችበት መጽሐፍ ከተማውን ቀውጢ አደረገው። ቤቷን አቃጠሉት። እሷም በጭነት ጀልባ አምልጣ፣ ድንበር ተሻግራ ጎረቤት አገር፣ ኮልካታ ከተማ ገባች። እዚያም ቢሆን አከራዮቿ ማንነቷን ሲያውቁ «ልጄ ከውጭ አገር ሊመጣ ነው» እያሉ ያስወጧታል፤ ልጅ የሌላቸው ሳይቀሩ።

ዝናቡ በበረታበት ሰሞን፣ ለምሳ ሩዝ እያጠበች ሳለ ስልኳ ጮኸ። ታላቅ ወንድሟ ማህቡብ ነው። ስንት ዓመት ሙሉ ደውሎላት አያውቅም።

«እማ አረፈች» አላት። «ሴቶቹ አጥበው ገንዘዋታል። አሁን ልናወጣት ነው።»

ሉትፋ ወለሉ ላይ ቁጭ አለች። «ፊቷን አሳየኝ ወንድሜ። በስልኩ ብቻ።»

«አሳይሻለሁ። ኢማሙ አጠገቤ ናቸው። የጻፍኩት ስህተት ነው፣ ተጸጽቻለሁ በያቸው፤ ከዚያ እንደልብሽ እያት። አንድ ቃል ምን ይጎዳሻል? እኛ በአንቺ የተነሳ ስንት ስድብ ጠጥተናል!»

ስድቡንስ እውነቱን ነው፣ ጠጥተዋል። ግን የእናትን አስከሬን መያዣ ማድረግ ምን የሚሉት ወንድምነት ነው? ድሮ ቢሆን ሉትፋ ይህንኑ ጮኻ ትነግረው ነበር። ዛሬ አቅሙ የላትም። ኢማሙ ጉሮሯቸውን ሲጠርጉ በስልኩ ተሰማት።

«እሺ» አለች። «ስጣቸው።»

«ወዲህ በለው ስልኩን!»

ታናሽ እህቷ ሳጄዳ ናት። ሳጄዳ ሶላት አታስተጓጉልም፤ ሳትሸፋፈን ደጅ አትወጣም። የእህቷን መጽሐፍ አንድ ገጽ አላነበበችም፤ ስታፍርበት ነው የኖረችው።

«ቡቡ፣ ትንፍሽ እንዳትዪ!» አለቻት፤ ታላቅ እህቷን የምትጠራት እንደዚያ ነው። «እማ ስምሽን እየጠራች ነው የሞተችው። በሷ አይነገድም።» ስልኩ ተዘጋ።

ጥቂት ቆይታ ሳጄዳ በቪዲዮ ደወለች። ሉትፋ ጭቃ አየች፣ የወንዶች እግር አየች፣ ከፊት ደግሞ በትከሻ የተያዘ የቀርከሃ ቃሬዛ። ስልኩ ከእርምጃ ጋር ይወዛወዛል።

«አንቺ! የት ነው የምትሄጂው?» አለ አንድ ወንድ።

«የእህቷ በሽታ ተጋብቶባታል!» አለ ሌላው። ማህቡብም «ሳጄዳ፣ አታዋርጂን፣ ተመለሺ!» እያለ ይጮኻል።

ሉትፋ ደነገጠች። «ሳጄዳ፣ ይጎዱሻል! ተመለሺ በናትሽ። አየኋት፣ ይበቃኛል።»

«ዝም በይ ቡቡ» አለች ሳጄዳ፣ ትንፋሿ እየተቆራረጠ። «አንቺ ጽፈሽ ሄድሽ፤ እኔ እዚሁ ነኝ የምኖረው። ከነሱ ጋር እኔ እነጋገራለሁ። አንቺ እናትሽን ሸኚ።»

ሉትፋ በሳሪ ልብሷ ጫፍ አፏን ይዛ ስልኩን ወደ ዓይኗ አስጠጋች። ሳጄዳ አንድ ጫማዋ ጭቃው ውስጥ ቀረባት፤ ሳታነሳው ቃሬዛውን ተከተለች።