አባቴን ተዋጊ አብራሪ አድርጎ ሊቀብረው ነበር

ባለፈው ሐሙስ አባቴን ቀበርን... አዳማ ላይ፣ ያ ፀሐይ አናት በሚበሳበት ሰዓት።

አስከሬኑ ፊት ቆመን የሕይወት ታሪኩ እየተነበበ ነው። አንባቢው ምንተስኖት ይባላል፤ የአክስቴ ልጅ ባል ነው። ሰው ሲተዋወቅ «ኢንጂነር ምንተስኖት» ነው የሚለው። የምን ኢንጂነር እንደሆነ ጠይቄው መልስ አግኝቼ አላውቅም። የመሥሪያ ቤቱን አለቆች ከአዲስ አበባ አሳፍሮ አምጥቶ ፊት ለፊት አስቁሟቸዋል።

አባዬ ታሞ ሲተኛ አንድ ቀን እንኳን መጥቶ ያልጠየቀ ሰው፣ ሲሞት ግን ከሁሉ ቀድሞ ደረሰ። «የሕይወት ታሪኩን ለኔ ተዉት» አለ። እኛም ልባችን በሐዘን ጠፍቶ ስለነበር ተውንለት።

አጀማመሩ ደህና ነበር። ወለንጪቲ ተወለዱ... እሺ። በወጣትነታቸው ባሕር ኃይል ገቡ... እሺ፣ ይሄም እውነት ነው። አባዬ ምፅዋ ነበር፤ የመርከብ ሞተር ይጠግን ነበር።

ከዚያ ምንተስኖት ጉሮሮውን ጠረገና ወደ አለቆቹ ዞር አለ።

«ከመርከብ ላይ በሚነሳ ተዋጊ አውሮፕላን የጠላትን አውሮፕላኖች ከሰማይ ያረገፉ ጀግና አብራሪ ነበሩ!»

ወንድሜን አየሁት... እሱም አየኝ።

አባዬ እንኳን ተዋጊ አውሮፕላን ሊያበር፣ የቤታችን ጣሪያ ሲያፈስ ቆርቆሮው ላይ መውጣት እየፈራ ሰው የሚያስጠራ ነበር። ደግሞስ በየትኛው መርከብ? አገራችን ተዋጊ አውሮፕላን የሚነሳበት መርከብ መቼ ኖሯት ያውቃል?

ከየት እንዳመጣው ግን ገባኝ። አባዬ ወጣት ሳለ ቀይ ባሕር ላይ አንድ የውጭ አገር መርከብ ከሩቅ አይቶ ነበር፤ አውሮፕላን የሚነሳበትና የሚያርፍበት። «ኳስ ሜዳ ባሕር ላይ ሲንሳፈፍ አስቡት» እያለ በየበዓሉ ያወራልን ነበር። ምንተስኖትም አንድ ፋሲካ አፉን በሥጋ ሞልቶ ሲሰማ ትዝ ይለኛል። አባዬ ያወራው ማየቱን ነው... ማብረሩን አይደለም!

ሰውዬው በዚህ ቢያበቃ ምን ነበረበት። እሱ ግን ከኢንተርኔት የገለበጠውን ይዞ ቀብር ላይ የታሪክ ትምህርት ጀመረ።

«በአንደኛው የዓለም ጦርነት ከመርከብ የተነሳ አብራሪ መመለሻ ስላልነበረው ብዙ ጊዜ ባሕር ላይ ይወርድ ነበር። በኋላ ግን አውሮፕላኑ ጅራቱ ላይ መንጠቆ ተገጠመለት፤ በመርከቡ ወለል ላይ የተወጠረውን ሽቦ ይዞ መቆም ቻለ። ክንፉም ቦታ እንዳይፈጅ ይታጠፍ ነበር...»

ቄሱ ሰዓታቸውን አዩ። ጃንጥላ የያዙት የእድር ሴቶች ተያዩ። ከመቂ የመጡት ጋሽ ገመቹ ደግሞ ወደኔ ጠጋ አሉ። የሽንኩርት ገበሬ ናቸው፤ አባዬ የመስኖ ፓምፓቸውን ሲጠግንላቸው ነው የኖረው።

«ማሊ? ምንድነው የሚለው?» አሉኝ በሹክሹክታ።

ምን ልበላቸው? እኔም እየሰማሁ አልገባ ብሎኛል።

ምንተስኖት ላብ በላብ ሆኖ ድምፁን ጨመረ።

«በሁለተኛው የዓለም ጦርነት፣ ፓስፊክ ውቅያኖስ ላይ፣ አብራሪዎቹ ከውጊያ ሲመለሱ የሚያርፉበት መርከብ ተመትቶ ጠበቃቸው! ነዳጃቸው እስኪያልቅ አንዣበው ባሕር ውስጥ ወደቁ! ክቡር ሟችም የእንዲህ ዓይነት ጀግኖች ጓድ ነበሩ!»

ያ ጦርነት ሲያልቅ አባዬ ገና አልተወለደም ነበር። ኢንጂነሩ መደመር መቀነስ እንኳን አልሞከረም።

ይሄኔ አቀርቅራ ስታለቅስ የነበረችው እናቴ ቀና አለች። ለቅሶዋን አቆመች። ነጠላዋን ከፊቷ ገለል አድርጋ መጀመሪያ ሳጥኑን፣ ቀጥላ ምንተስኖትን አየች።

«ቆይ... ማንን ነው የምትቀብሩት?»

ምንተስኖት ወረቀቱን አገላበጠ።

«እትዬ፣ ትንሽ ነው የቀረኝ...»

«ባሌ ባሕር ውስጥ አልወደቀም። አልጋው ላይ ነው የሞተው፣ እጁን ይዤው። የማንን ሰው ታሪክ ነው እሱ ላይ የምታነበው?»

አለቆቹ ጫማቸውን ማየት ጀመሩ። እኔም ሄጄ ማይኩን ከእጁ ወሰድኩት። በሰው ፊት ተናግሬ አላውቅም። ግን አባዬን እንደዚህ ሆኖ አፈር ሲገባ ዝም ብዬ ማየት አልቻልኩም።

«አባቴ ሰው ገድሎ አያውቅም» አልኩ። «ሞተር ነበር የሚጠግነው። መጀመሪያ የመርከብ፣ ኋላ የውኃ ፓምፕ። ማሳው ሊደርቅበት የደረሰ ገበሬ ከደወለለት ምሳውን ትቶ ይነሳ ነበር። ከቤት ሲወጣም ሲገባም ግራሶ ግራሶ ይሸት ነበር። አባቴ ይሄ ነው።»

ማይኩን ለወንድሜ ሰጠሁት።

ጋሽ ገመቹ ናቸው መጀመሪያ የጮኹት። «ወንድሜ! ወንድሜን!» እያሉ ደረታቸውን መቱ። ከሳቸው ጋር የመጡት ገበሬዎች ተከተሉ። ከዚያ የእድሩ ሴቶች... ከዚያ እናቴ። እውነተኛው ለቅሶ የተጀመረው ያኔ ነው። አባዬን እንደሰው አልቅሰን፣ እንደሰው ቀበርነው።

ከቀብር መልስ ድንኳን ውስጥ ምንተስኖትን በዓይኔ ፈለግኩት። ቢያንስ እናቴን ይቅርታ ይጠይቃል ብዬ ነበር። ከአለቆቹ መሀል ተቀምጦ ንፍሮውን እየቃመ ያወራል። ውኃ ላቀርብ ጠጋ ስል ሰማሁት።

«ወታደራዊ ሚስጥር ስለነበር እኮ ቤተሰቡም አያውቅም። ለኔ ብቻ ነው የነገሩኝ።»

አለቆቹ በአድናቆት ራሳቸውን ነቀነቁ።

እኔ ደግሞ ሲያፍር ላየው ጓጉቼ ነበር... ለካ ማፈርም ተሰጥኦ ነው!