ሁለተኛዋ ወይንእሸት

ወለንጪቲ ከተማ ስትወለድ እናትና አባቷ መሰለች አሏት። ሃያ ዓመት ሙሉ መሰለች ሆና ኖረች፤ ጤና ያልነሳት፣ ማንንም ያላስቀየመ ስም ነበር። በ1988 ዓ.ም. ኃይለየሱስ የሚባል የመንግሥት ሠራተኛ አገባትና አዳማ፣ እናቱ ቤት አስገባት። በማግስቱ አማቷ እማማ ሸዋወርቅ ዘመድ አዝማድ በተሰበሰበበት አስቆሟትና ከእግሯ እስከ ራሷ አዩዋት።

«መሰለች? ምን መሰለች? ጀምረው ሳይጨርሱት የተዉት ወሬ እኮ ነው ያወጡልሽ!»

ሰው ሳቀ። አሮጊቷ (ያኔ ገና አሮጊት አልነበሩም፤ ምላሳቸው ግን ቀድሞ አርጅቶ ነበር) እጃቸውን አነሱ። «ሌሊት በሕልሜ ወይን አየሁ። ሐረጉ ቤቴን ዞሮ ይዞታል፣ ፍሬው ገና እሸት ነው። ይቺ ናት አልኩ። ከዛሬ ጀምሮ ወይንእሸት ብዬሻለሁ!»

እልል ተባለ። ስም ወጣ።

ደንብ ነው እንግዲህ። ምራት አማቷ ቤት ስትገባ ስሟን እንደ ጭቃ ጫማ ደጅ አውልቃ ትገባለች። መሬት ላራሹ ተብሎ ስንት ወረቀት ተበተነ፣ ስንት ጉሮሮ ተሰነጠቀ፤ ስም ለባለቤቷ ያለ ግን አልተገኘም። ባላባቱ ከመሬቱ ሲነቀል የት ገባ ብሎ ለሚጠይቅ መልሱ አጭር ነው፦ ጓዳ ገብቶ አማት ሆነ።

ስሙ ራሱ ያምራል፤ ይህን መካድ አይቻልም። ወይን አለ፣ እሸት አለ፤ ሁለቱን አጋብቶ ገና ከሐረጉ ያልተቀጠፈ፣ የወቅቱ በኩር የሆነ ለጋ ፍሬ ማለት ነው። የሚወጣው ለሴት ብቻ ነው። ወንዱን ደምሰው፣ ሴቷን ወይንእሸት፤ እሱ ሊደመስስ፣ እሷ ልትበላ። ፈጣን ምላስ አሳጥሮ ወይንሸት ይላል፤ ቤተሰብ ሲያቆላምጥ ደግሞ ወይኔ። «ወይኔ፣ ውኃ!» «ወይኔ፣ ቁልፉን የት አደረግሽው?» በደጅ የሚያልፍ መንገደኛ፣ በዚያ ቤት በቀን አርባ ጊዜ ሰው የሚሞት ይመስለው ነበር።

መሰለች ስሙን ወደደችው። በእድር መዝገብ፣ በጽዋ ማኅበር፣ በመታወቂያዋ ላይ ወይንእሸት ሆነች። ለልጆቿም ሕልሙን እንደ ገድል ተረከችላቸው። ማስረጃም ነበራት፦ ስሙ በወጣ ዕለት አማቷ ስሟ የተጠለፈባቸው አምስት የትራስ ልብሶች ሰጥተዋት ነበር። «መልካም እንቅልፍ ወይንእሸት» ይላሉ፣ በቀይ ክር። ከስሙ ሥር የተፈታ ክር ቀዳዳ ይታይ ነበር፤ እጃቸው ስቶ ያረሙት ነው ብላ አለፈችው። ሌሊት የታየ ሕልም ጠዋት ትራስ ላይ ተጠልፎ እንዴት ሊገኝ እንደቻለ ሃያ ስምንት ዓመት ሙሉ ያልጠየቀች ሴት ናት። እምነት ማለት ይኸው ነው።

በ2016 ጥር የበኩር ልጇ ቢኒያም ሀሴት የምትባል የመድኃኒት ቤት ባለሙያ ሊያገባ ቀን ተቆረጠለት። ሠርጉ ቅዳሜ፣ ስም ማውጣቱ እሑድ። ተራው የመሰለች ሆነ፤ አሁን እሷ አማት ናት፣ ተነስታ ለምራቷ ስም የምታወጣው እሷ ናት። ለሳምንታት ስም ስትመርጥ፣ ስትጥል፣ በልቧ ስታጣጥም ከረመች።

ረቡዕ ጠዋት እማማ ሸዋወርቅ ለሠርጉ የሚለብሱትን ነጠላ ከሳጥናቸው እንድታወጣላቸው አዘዟት። ነጠላውን ስትስብ ከሥሩ ስድስተኛ የትራስ ልብስ ተስቦ ወጣ። ያው ቀይ ክር፣ ያው «መልካም እንቅልፍ ወይንእሸት»። ከሥሩ ግን ያልተፈታ ቁጥር ነበረበት፦ 1986።

መሰለች ጨርቁን ይዛ ቆመች። አንድ ጊዜ አነበበችው። ደገመችው። ቁጥሩ አልተለወጠም።

«እማማ፣ ይሄ ምንድን ነው?»

«የትራስ ልብስ ነዋ! ዓይንሽ ጠፋ?»

«ዓመቱን ነው የምጠይቅዎ። እኔ የገባሁት በሰማንያ ስምንት ነው።»

አሮጊቷ ዓይናቸውን አጥብበው አዩት። ሰማንያ አራት ዓመታቸው ነው፤ የሚያፍሩበት ዕድሜ አልፏል። «እሱማ የዚያችኛዋ ነው።»

«የየትኛዋ?»

«የባቱዋ! ካንቺ በፊት የመጣችው። አራት ወር ተቀምጣ ውልቅ አለች። ኃይሌ አልነገረሽም? ይሄ ልጅ እንደ አባቱ ዝም ማለት ይወዳል።»

መሰለች የሳጥኑን ክዳን ከድና ተቀመጠችበት። «እሷም... ወይንእሸት ነበረች?»

«እኔ ነኛ ያወጣሁላት። እቤቷ አያንቱ ነበር የምትባለው። ስድስት የትራስ ልብስ ጠለፍኩ፣ በዚህ ዓይኔ፣ በኩራዝ! እሷ ብትሄድ ጥልፉ ምን አጠፋ? ልጣለው? ዓመቱን ፈታ ፈታ አድርጌ ላንቺ ሰጠሁሽ። ይቺን ረስቻት ኖሯል።»

«ሕልሙስ?»

«የምን ሕልም?» አሉ እማማ ሸዋወርቅ፤ ነጠላቸውንም ከእጇ ተቀበሏት።

ሰው ክር እንዳይባክን ብሎ ሌላ ሰው ይሰይማል? ይሰይማል። በዚህ አገር ለጨርቅ የተደረገው ጥንቃቄ ለሰው ቢደረግ ኖሮ ስንቱ በስሙ በኖረ! መሰለች ግን ለፍልስፍና አቅም አልነበራትም። ስምንት ኪሎ ሽንኩርት ልጣ ዓይኗ አላነባም፤ ድንጋጤ እንባዋን እንኳ አድርቆት ነበር።

ባሏ ከሥራ ሲመለስ ጨርቁን ፊቱ ዘረጋችው። ኃይለየሱስ አየው፣ ጉሮሮውን ጠረገ፣ መነጽሩን አወለቀ።

«እና? የድሮ ነገር ነው። አራት ወር ብቻ እኮ ነው።»

«ወይንእሸት ብለህ ስትጠራኝ የማን ፊት ነበር የሚታይህ?»

«ኧረ በማርያም! እማማ አወጡ፣ እኔ ጠራሁ። ስም ነው፤ ስም ምን ይሆናል?»

«እንዲያ ከሆነ ከዛሬ ጀምሮ ገመቹ ልበልህ።»

«እኔማ ስም አለኝ!» አለ ኃይለየሱስ፣ በጣም ተቆጥቶ።

የተናገረው ነገር ምን እንደሆነ ለራሱ አልገባውም፤ እራቱን ጠየቀ።

መሰለችን ያስጨነቃት አንድ ነገር ነበር። እሑድ ድንኳን ውስጥ በሌላ ሴት ስም ተጠርታ ትነሳለች፤ ከዚያም ለሌላ ሴት ስም ትሰጣለች። የተረፈ ልብስ ለብሶ ልብስ መመጽወት! ባለቤቲቱን አግኝታ «ስምሽን ሳላውቅ ስለብሰው ኖርኩ» ልትላት ወሰነች። ሴትዮዋ «እኔ ጥዬው ሄጃለሁ፣ ይሁንልሽ» ካለቻት እሑድ ስትጠራ አቤት ብላ ትነሳለች። ካላለቻት... ከዚያ ወዲያ ያለውን ልታስበው አልደፈረችም።

ዓርብ በማለዳ ለሠርጉ ቲማቲም ከባቱ በርካሽ ላምጣ ብላ ሚኒባስ ተሳፈረች። ባቱ ወርዳ ጋሪ ያዘች። ባለጋሪው ጆቴ የሚሉት፣ ከፈረሱ በላይ የሚያወራ ሰው ነው።

«አያንቱ የምትባል ሴት ታውቃለህ? ድሮ አዳማ አግብታ የተመለሰች።»

«አያንቱ?... አያንቱ እንኳ አላውቅም እናቴ። አዳማ አግብታ የተመለሰችማ ወይንእሸት ናት። ባለጁሷ። እሷን ነው?»

መሰለች ጋሪው ሳይነሳ የወደቀች መሰላት። ጆቴ ፈረሱን መታ አድርጎ «ወይንእሸትን የማያውቅ ባቱ ውስጥ የሐይቁ ዓሣ ብቻ ነው!» አለ።

ሰሌዳው ከሩቅ ይታይ ነበር። «ወይንእሸት ጭማቂ ቤት»፤ ከጎኑ እያንዳንዱ ፍሬ ሐብሐብ የሚያህል አረንጓዴ የወይን ዘለላ ተስሎበታል። ደጁ ላይ በመሰለች ዕድሜ ያለች፣ ወፍራም፣ ክንዷ እስከ ክርኗ ማንጎ የነካው ሴት ቆማለች።

«ነጋ ጂርታ? ደህና ነሽ? ኮቱ፣ ግቢ፣ ፀሐይ ላይ አትቁሚ!»

መሰለች ገባች። የትራስ ልብሱን አውጥታ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋችው። ሴትዮዋ አጎንብሳ አነበበችና ከት ብላ ሳቀች፤ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች።

«ዋቃዮ! አሮጊቷ አልሞቱም?»

«አልሞቱም።»

«አይሞቱም! እና አንቺ ማን ነሽ?»

«እኔም ወይንእሸት ነኝ።»

ሳቁ ቆመ። «በዚያው ቤት?»

«በዚያው ቤት።»

«ኃይለየሱስን?!»

መሰለች ራሷን ነቀነቀች።

«ስንት ጊዜ?»

«ሃያ ስምንት ዓመት።»

አሁን የደነገጠችው ባለጁሷ ሆነች። ከተገለበጠ መኪና በእግሩ የወጣ ሰው እንደሚታይ አየቻት። ወንበር ስባ ተቀመጠች። «እኔን እኮ አራት ወሩ አስረጀኝ። አልጋው ለሁለት፣ ምክሩ ለሦስት! ዳቦ እንኳ ውፍረቱን እናቱን ሳይጠይቅ አይቆርስም ነበር።» ከዚያ ዓይኗን ጠበብ አደረገች። «ለመሆኑ ሕልም አየሁ ብለውሻል?»

«ሐረጉ ቤቴን ዞሮ ይዞታል...» ብላ መሰለች ጀመረች።

«...ፍሬው ገና እሸት ነው!» ብላ ሌላዋ ጨረሰችላት።

የጁስ መፍጫው ብቻ ያጉረመርማል።

«ስሙን ልመልስልሽ ነበር የመጣሁት» አለች መሰለች። «ጥለሽው የሄድሽ መስሎኝ።»

«ለምን እጥለዋለሁ? ቤቱን ነው እንጂ የጠላሁት፣ ስሙን ወድጄዋለሁ። ሻንጣዬን አሮጊቷ ከለከሉኝ፤ ስሙን በምን ይከልክሉኝ? ለአባቴ ቤት አያንቱ ነኝ፣ ለገበያው ወይንእሸት። ያንን ሰሌዳ ያሳልኩት እኔ ነኝ። ላንቺ አልሰጥም አልልሽም፤ ስም በመጠራት አያልቅም። እኔ ግን አልተውም።»

ከማቀዝቀዣው አረንጓዴ ዘለላ አውጥታ አንድ ፍሬ ዘረጋችላት። ከከተማው ዳር ካለ የወይን እርሻ ያመጡላት ነው። «እሸቱን ቀምሰሽ ታውቂያለሽ?»

መሰለች ነክሳው ፊቷ ተጨማደደ። የበቆሎ እሸት ይጠበሳል፣ የሽምብራ እሸት ይፈለፈላል፤ የወይን እሸት ግን ጥርስ ያጠርሳል።

«አየሽ? ሴትዮዋ ወይን ተክል በዓይናቸው አላዩም» አለች ባለጁሷ። «ስም አውጪ ሁሉ እንዲህ ነው።»

መሰለች ሁለት ሳጥን ቲማቲም ጭና አዳማ ተመለሰች። የሄደችበትን ሳታገኝ መመለሷ ሳያንስ፣ ይዛ የሄደችውንም አልያዘችም። አሮጊቷ የሰጧት ስም በሕይወት ያለ፣ ግብር የሚከፍልበት፣ ባለሰሌዳ ባለቤት አለው። ቅዳሜ ሠርጉ አለፈ፤ ጨፈረች ይባላል፣ እሷ አታስታውስም።

እሑድ ድንኳኑ ሞላ። የሰፈሩ ሽማግሌ አቶ ፈቃዱ ተነሱና ድምፃቸውን አሰሙ። «አሁን የሙሽራው እናት ወይንእሸት ተነስታ ለምራቷ ስም ታወጣለች!»

መሰለች አልተነሳችም።

«ወይንእሸት!»

ሰው ሳቀ፤ ደስታ ጆሮዋን ደፍኖታል አለ አንዱ። ኃይለየሱስ በክርኑ ነካት። «ወይኔ! ተነሺ እንጂ፣ ምን ሆነሻል?»

«ወይንእሸት ባቱ ናት» አለች መሰለች፣ ጮክ ብላ። «የሁለት ሰዓት መንገድ ነው። ካስፈለገቻችሁ አስጠሯት።»

ሳቁ ተቆረጠ። ጉርሻ በእጁ የያዘ እንደያዘ ቀረ። ስለ መጀመሪያዋ ሚስት የሚያውቁት ጥቂት ሽማግሎች ዓይናቸውን ወደ ሰሃናቸው ሰበሩ፤ የማያውቁት አበደች ብለው አፋቸውን ያዙ። ቢኒያም ከወንበሩ ብድግ ብሎ «እማዬ!» አለ።

የተናገረችው ሙሽራዋ ነበረች። ሀሴት ካባዋን ሰብስባ ወደ አማቷ ጎንበስ አለችና፣ በመድኃኒት ቤቱ መስኮት የታማሚ ስም እንደምትጠይቀው ረጋ ብላ፦

«እሺ፣ እኔ እርስዎን ማን ብዬ ልጥራ?»

መሰለች አፏን ከፈተች። ሃያ ስምንት ዓመት ሙሉ ማንም ያልጠየቃት ነገር ነው። ቃሉ ሲወጣ የሌላ ሰው ድምፅ መሰላት፤ ራሷን አስደነገጣት።

«መሰለች።»

«እማማ መሰለች» አለች ሀሴት።

ያን ጊዜ መሰለች ተነሳች። ወደ ሙሽራዋ ሄዳ ግንባሯን ሳመቻት፤ ስም ሳታወጣላት ተመልሳ ተቀመጠች። እልል የሚል ጠፋ፤ መቼ እልል እንደሚባል ያወቀ አልነበረም። አቶ ፈቃዱ ቆመው ቀሩ፤ ደንቡ ለዚህ የሚሆን መስመር የለውም። እማማ ሸዋወርቅ ከድንኳኑ ጥግ በትራቸውን መሬት ላይ አንኳኩ።

«የሙሽራይቱስ? የሙሽራይቱ ስም ምን ሆነ?»

ሁለተኛው ወጥ እየቀረበ ነበር፤ ሰው ሰሃኑን ዘረጋ።