ምዕራፉ አይወጣም!

ስሙኝማ። ለልጆች የጻፍኩት ልቦለድ ጀግና ከቦንጋ ጫካ ወጥታ አዲስ አበባ አክስቷ ጋ የመጣች ልጅ ናት። ከተማው ሲጨንቃት ዛፍ ላይ ትወጣለች። ከአርታኢዬ ከጋሽ ታደሰ ጋር የተጣላነውም በዚህ ነው።

«ይህ ዛፍ የምትወጣበት ምዕራፍ ከመጽሐፉ ይውጣ» አሉኝ፣ ፒያሳ አንድ ካፌ ግቢ ቁጭ ብለን። «ልጅቷ ከተማ መልመድ አለባት። ደግሞስ ፒያሳ መሀል ዛፍ ላይ የሚወጣ ሰው አለ ቢባል ማን ያምናል?»

«እኔ እወጣ ነበር። ከቦንጋ የመጣሁ ሰሞን።»

«ያኔ ልጅ ነበርሽ። ከተማውን ስትለምጂ ተውሽው።»

«ማን ተወችው አለዎት?»

ነገሩ አንገበገበኝ። የሁለት ልጆች እናት ነኝ፤ ግን ጫማዬን አወለቅኩ፣ ቀሚሴን ሰበሰብኩና ግቢው ውስጥ ያለውን አሮጌ ወይራ መውጣት ጀመርኩ። አስተናጋጇ ማኪያቶ እንደያዘች ደርቃ ቀረች። በረንዳው ላይ ከተቀመጡት ጎረምሶች አንዱ «እናቴ፣ ኔትወርክ እዚያ ይሻላል እንዴ?» ሲል ሰዉ ሁሉ በሳቅ ፈረሰ። ዘበኛው «ኧረ ይውረዱ! ይውረዱ!» እያለ ዛፉን ይዞራል። ቅርንጫፉ ላይ ተደላድዬ ተቀመጥኩ።

«ጋሽ ታደሰ፣ ምዕራፉ ይቆያል ካላሉኝ አልወርድም!»

ከቅጠሉ የተነሣ አይታዩኝም። ተናደው የሄዱ መሰለኝ። ቅጠሉን ገለጥ አድርጌ ወደ ታች ሳይ፣ ሽማግሌው ኮታቸውን ለዘበኛው አስይዘው፣ ከረባታቸውን ወደ ትከሻቸው ወርውረው፣ ግንዱን አቅፈው እየወጡ ነው።

«ጠጋ በይልኝ» አሉ እያለከለኩ። «እኔም የኢሉባቦር ጫካ ልጅ ነኝ።»