የድንበሩ ድንጋይ ሳሎኔ የገባ ቀን

እንግዳው የሚባለው ግንበኛ ሥራውን የሚጀምረው በመደብደብ ነው። አዲስ የተለሰነውን የሳሎኔን ግድግዳ በመዶሻና በሹል ብረት ፑንታ ሲወቅረው ባለቤቴ ዘይነብ ደረቷን ይዛ ጮኸች።

«የለሰለሰ ግድግዳ ድንጋይ አይዝም፤ መቁሰል አለበት» አላት፣ ዞር እንኳ ሳይል።

ዘይነብ በስልኳ አይታ የወደደችው ከወለል እስከ ጣሪያ ስስ ጥርብ ድንጋይ የለበሰ የሆቴል ግድግዳ ነበር። ወረታ ውስጥ ይህን ሥራ እንደ እንግዳው የሚያውቅ የለም፤ እንደ እሱ ቁጡም የለም። ድንጋዩን በውኃ ያረጥባል፣ ጀርባውን ሲሚንቶ ይቀባል፣ ግድግዳው ላይ ለጥፎ በሁለት መዳፉ ተጭኖ ይቆማል። ሲሚንቶው እስኪነክስ ድረስ ቤቱ ቢቃጠል እጁን አያነሣም። አንድ ቀን ስልኬን አቀብለኝ ስለው «ድንጋይ ይዣለሁ!» ብሎ ጮኸብኝ፤ በገዛ ቤቴ!

ቁጣው የባሰው ወንድሙ ማረው ከሞተ ወዲህ ነው። ሁለቱም ከወረታ ወጣ ያለችው የቁሐር ሚካኤል ሰዎች ናቸው። እዚያ ሜዳ ላይ ጥቁር አፈር እንጂ ድንጋይ ለመድኃኒት እንኳ አይገኝም፤ በሩዝ ማሳ ድንበር ላይ የሚተከለው ሁሉ ከሩቅ በጋሪ የመጣ ነው። አንድ ክረምት ጎርፍ የድንበሩን ድንጋይ አንሸራተተው። ማረው ጎረቤቱን በላይነህን «ገፋኸው» አለው፤ በላይነህ «አልነካሁትም» አለ። ተያያዙ። በላይነህ በመጥረቢያ አንገቱን መታውና ማረው ጭቃው ውስጥ ተደፍቶ ሞተ። ለአንድ ድንጋይ! እስከ ዛሬ ሳስበው ደሜ ይፈላል።

በላይነህ ታስሮ ሲፈታ ሽማግሌዎች እርቅ ጠየቁ። እንግዳው እምቢ አለ። «ባገኘው እገድለዋለሁ» እያለ በየአደባባዩ ይዝት ነበር፤ ሲዝት ደግሞ የሚቀልድ ሰው አይደለም። እናቱ እማማ ገላነሽ ግን «አንዱን ቀበርሁ፤ የቀረኝን ለወህኒ አልሰጥም፤ ያለበት ድረስ ሂዱልኝ» ብለው ሽማግሌዎቹን ላኳቸው። ያለበት የእኔ ሳሎን ነበር።

ረፋዱ ላይ ከሽማግሌዎቹ አንዱ፣ ቄስ ገብረ ኪዳን፣ በሩን አንኳኩ። ከኋላቸው በላይነህ ድንጋይ በማጅራቱ ተሸክሞ፣ በሁለት እጁ ደግፎ፣ አጎንብሶ ገባ። ወጉ ነው፤ ይቅር የሚለው ሰው ራሱ ያወርድለታል፣ እስኪያወርድለት ተሸካሚው አይጥልም። እንግዳው መወጣጫው ላይ ሆኖ ትልቁን ድንጋይ ለጥፎ በመዳፎቹ ይዞ ነበር። አንገቱን ብቻ አዞረ።

«እንግዳው ልጄ፣ ስለ ሚካኤል ብለህ...» አሉ ቄሱ።

እንግዳው አልሰማቸውም። የሚያየው በላይነህ የተሸከመውን ድንጋይ ነበር።

«ይኸን ከየት አመጣኸው?»

«ከድንበሩ ነቅዬ» አለ በላይነህ መሬት መሬት እያየ። «ቁሐር ሌላ ድንጋይ የት አለና? ማሳውንም ውሰደው።»

ሞኝ! ወረታ ዳር ድንጋይ ሞልቶ፣ ማረው የሞተበትን ይዞ ይመጣል! እኔ ራሴ ልመታው ቃጣኝ።

እንግዳው እጁን አነሣ። ይዞት የነበረው ድንጋይ ወርዶ ወለሉ ላይ ተፈረካከሰ፤ ከጎኑ ያሉትም ተከተሉት። መዶሻውን ይዞ ዘለለ። ቄሱን ገፍትሮ ጣላቸው። የመጀመሪያው ምት የበላይነህን ጣቶች ድንጋዩ ላይ ጨፈለቃቸው፣ ሁለተኛው ጆሮውን ተረተረው። በላይነህ በጉልበቱ ወደቀ፤ ደሙ ወለሉን አለበሰው። እኔ የእንግዳውን ወገብ ይዤ ብንጠለጠል እንደ ባዶ ጆንያ ወረወረኝ።

«ያ አላህ! ገደለው!» ትላለች ዘይነብ ከጓዳው በር።

መዶሻው እንደገና ከፍ አለ፤ አሁን አናቱን ሊያገኘው ነው። ግን አልወረደም። እንግዳው የበላይነህን እጆች አየ። አጥንታቸው የወጣ ጣቶች አሁንም ድንጋዩን ማጅራቱ ላይ ይዘውታል።

«ልቀቀው!» ብሎ ጮኸ እንግዳው።

«አንተ ካላወረድኸው አለቅም።»

«ልቀቀው አልሁህ!»

«አለቅም።»

መዶሻው ከእጁ ወደቀ። ተንበርክኮ፣ እንደ ሕፃን እያለቀሰ፣ እነዚያን ጣቶች ቀስ እያለ አላቀቃቸውና ድንጋዩን አወረደ። «ይቅር» ብሎ ሲጀምር «ለእግዜር» የሚለውን ቄሱ ከወደቁበት ሆነው አስጨረሱት።

በላይነህን ቄሱ ወደ ሐኪም ወሰዱት። እንግዳውን እኔ በባጃጅ እናቱ ዘንድ አደረስሁት። እማማ ገላነሽ ደጅ ቆመው ነበር፤ ሸሚዙ ላይ ያለውን ደም አዩ።

«የማን ነው?»

«የበላይነህ።»

«ገደልኸው?»

«አልገደልሁትም፣ እምየ። አወረድሁለት።»

በጥፊ አጮሉት፤ ደግመው አጮሉት። ከዚያ ሸሚዙን በሁለት እጃቸው ጨምድደው ደረቱ ላይ ተደፉ። ጎረቤት ተሰብስቦ «በቃ ይልቀቁት እማማ፣ ይታጠብ» ቢላቸውም አልለቀቁትም።