በቀን አንድ መስመር

የእስር ክፍሉ በር ሲከፈትልኝ ያየሁት እግር ብቻ ነው። ሃያ ሁለት ሰው ተደራርቦ ተቀምጦ የት እንደምረግጥ ጠፋኝ። "ና፣ እዚህ ጋ አንድ ስንዝር አለች" ያሉኝ ጋሼ ናቸው። ስማቸውን አልጠራም። የፈረንሳይኛ አስተማሪ ነበሩ፤ ስኳር በሽታ አለባቸው።

አንድ ቀን ለአንዱ እስረኛ ከቤቱ የመጣለት ቆሎ የተጠቀለለበት ወረቀት እጃቸው ገባ። ከአሮጌ መጽሐፍ የተገነጠለ ገጽ ነው፤ የዛሬ ሁለት መቶ ዓመት ገደማ ስለነበረች የፈረንሳይ ባለ ሸራ የጦር መርከብ ያወራል። ጋሼ ጠዋት ጠዋት ይተረጉሙልናል፤ ግን በቀን አንድ መስመር ብቻ። ስልሳ መድፍ እንደጫነች፣ የት የት እንደዘመተች፣ በየትኛው ማዕበል ምሰሶዋ እንደተሰበረ። ሁለት መስመር ቢሉን ምን አለበት ስንላቸው "ስንቅ ባንዴ አይበላም" ይሉናል። እውነቱን ለመናገር ያናድዱኝ ነበር። መስመሩን በቃሌ ይዤ ቀኑን ሙሉ ሳመላልሰው እውላለሁ።

አራት መስመር ሲቀር ፍተሻ መጣና ገጹን ወሰዱት። በማግስቱ መርማሪው አስጠራኝ። ለካ ጆሮ ጠቢ አብሮን ኖሯል።

"ስልሳ መድፍ የማን ነው? ይሄን መልእክት የሚያነብላችሁስ ማነው?"

እዚያ ምርመራ ክፍል ጤነኛ ሆነው ገብተው በሸክም የወጡ አይቻለሁ። ጋሼ ቢገቡ አይወጡም። "እኔ ነኝ" አልኩ።

"በል አንብባ።"

ፈረንሳይኛ የሚባል ፊደሉን አላውቅም። ጣቴን ወረቀቱ ላይ አድርጌ በቃሌ የያዝኩትን አንድ በአንድ አወረድኩለት። መርማሪው መጻፉን ትቶ ያዳምጠኝ ጀመር። ያልተነበቡት አራት መስመሮች ላይ ስደርስ ጣቴን ወረቀቱ ላይ አቆምኩ።

"ከዚያስ? ተመለሰች?"

"ተመልሳለች። ሰዎቿም በሙሉ ቤታቸው ገብተዋል።"

ወረቀቱን አጠፈና "ሂድ" አለኝ። ጋሼን አልጠራቸውም። እኔን ግን በዚያው ሳምንት ወደ ሌላ እስር ቤት አዛወሩኝ፤ ተለያየን።

አሁን አሜሪካ፣ ዳውንታውን አትላንታ አንድ ሆቴል ፓርኪንግ ነው የምሠራው፤ የእንግዶችን መኪና እየተቀበልኩ አቆማለሁ። ባለፈው ቅዳሜ አንዲት ሴት የመኪናዋን ቁልፍ ስታቀብለኝ አጠገቧ የተቀመጡት ሽማግሌ ቀና አሉ። ጋሼ ናቸው። ስንት ዓመት ሙሉ ሞተዋል እያልኩ ስፈራ የኖርኩት ሰውዬ! እፎይ ብዬ ዞሬ በእሳቸው በኩል ያለውን በር ከፈትኩ። ሴትየዋ ልጃቸው ናት፤ እዚሁ አትላንታ አጠገብ ሎረንስቪል አብረው ነው የሚኖሩት።

ተሳስመን ስናበቃ ጠየቅኳቸው። "ጋሼ፣ የመርከቧን መጨረሻ እርስዎ አንብበውት ነበር?"

"በመጀመሪያው ቀን።"

"ታዲያ ምን ይላል?"

"ስታረጅ ሸራዋን አውርደው ወደብ ላይ እስር ቤት አደረጓት ይላል። እሱን ለእናንተ እንዴት ላንብብ? እዚያ ሳንደርስ ይፈቱን ይሆናል ብዬ ነው ስቆጥብ የነበርኩት። አንተስ ያኔ ለመርማሪው ምን አልከው?"

ነገርኳቸው። ውሸቱ እስከ ዛሬ እንደሚከነክነኝም ጨመርኩ።

"የምን ውሸት?" አሉ ጋሼ እየሳቁ። "ይኸው አንተም ቤትህ ገባህ፣ እኔም ቤቴ ገባሁ።"

ከኋላ የተሰለፈው ሹፌር ክላክሱን ያንባርቀዋል። ይጠብቅ። መጀመሪያ ጋሼን ደግፌ አወረድኳቸው።