ስለ ምትክ ሙሽራዋ የጻፍኩት የመጀመሪያ ሪፖርት

ማክሰኞ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ ራይስዋይክ በምትባል የኔዘርላንድስ ከተማ በሚገኝ አነስተኛ አሳታሚ ቤት ሥራ ጀመርኩ። በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ አጋማሽ ነበር። የሥራ መደቤ አንባቢ ይባላል፤ ለትርጉም የሚቀርቡ ልብወለዶችን አንብቦ በአንድ ገጽ ሪፖርት «ይገዛ» ወይም «ይመለስ» ማለት ነው። ዩኒቨርሲቲ ጃፓንኛ ስለተማርኩ የጃፓን ታሪካዊ የፍቅር ልብወለዶች ለእኔ ተሰጡ።

የመጀመሪያው ድርሰት ስለ ምትክ ሙሽራ ነበር። ታላቅ እህት በሠርጓ ዋዜማ ትጠፋለች፤ ቤተሰቡ እንዳይዋረድ ታናሺቱ ነጭ ተከናንባ በእሷ ስም ትዳራለች። በዘርፉ የተለመደ ታሪክ ነው። ሆኖም ትራም ውስጥ ሳነበው መውረጃዬን በሁለት ፌርማታ አለፍኩ።

ሪፖርቱን ሐሙስ አስረከብኩ። እኛ አገር ትልቅ ነገር የሚጠይቅ ሰው በጥያቄው አይጀምርም፤ ለጋብቻ የሚላኩ ሽማግሌዎች እንኳ ስለ ጤናና ስለ ዝናብ ተጫውተው ነው ወደ ጉዳዩ የሚገቡት። እኔም በድርሰቱ ጉድለቶች ጀምሬ «ይገዛ» የሚለውን በመጨረሻው መስመር ላይ አስቀመጥኩ።

ከሰዓት በኋላ የመላኪያ ክፍሉ ሠራተኛ ዊም ድርሰቱን ፖስታ ውስጥ ሲያሽግ አየሁት።

«የት ሊሄድ ነው?»

«ወደ መጣበት። ሙሽራዋን አማቶቿ አልፈለጓትም።»

የአለቃዬን የሃነከን በር አንኳኳሁ።

«ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ ያ ድርሰት...»

«ሃነከ በይኝ። ሦስት መስመር አነበብኩ፤ ሦስቱም ወቀሳ ነው።»

«ውሳኔዬ መጨረሻው ላይ ነው።»

«እዚህ ቤት መጨረሻውን የሚያነብ የለም። ምን ነበር ውሳኔሽ?»

«ይገዛ።»

«ምትክ ሙሽራ መደርደሪያው ሞልቷል እኮ።»

«በሌሎቹ የምንጨነቀው እንዳትያዝ ነው። እዚህ ግን ባልየው ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ያውቃል። በመላው መጽሐፍ አንድ ጊዜ እንኳ በእህቷ ስም አልጠራትም። እሷ የናቃት ይመስላታል፤ እሱ የራሷን ስም እስክትነግረው እየጠበቀ ነው።»

በአንድ ትንፋሽ ይህን ያህል ተናግሬ አላውቅም። ሃነከ ብዕሯን አስቀመጠች።

«ይህ ሪፖርቱ ላይ አለ?»

«የለም።»

«ፖስተኛው ነገ በአራት ሰዓት ይመጣል። ከዚያ በፊት ጽፈሽ አምጪልኝ።»

በዚህ ሥራ ውሳኔ ከላይ፣ ምክንያቱ ከሥሩ ይጻፋል። በማግስቱ ጠዋት በሁለት ሰዓት ገብቼ እንደዚያ አድርጌ ጻፍኩት። ሃነከ ቆማ እስከ መጨረሻው አነበበችውና ፈረመችበት። ደረጃውን በሩጫ ወርጄ ከዊም ጠረጴዛ ላይ ፖስታውን አነሳሁና ቀድጄ ድርሰቱን አወጣሁት።