ለትክል ድንጋዩ የጻፍኩት ሰሌዳ

በድንጋዩ ዙሪያ አምስት ሰዎች ነበርን። የጥንት ነገር የሚያጠናው ጣሊያን መለኪያውን ይዞ ከፊት ለፊት፣ አስተርጓሚው ከቀኙ፣ ፊደል ያስቆጠሩኝ የኔታ ወልደ ሐና ከግራው ቆመዋል። ቅድመ አያታቸው ከሥሩ የተቀበሩባቸው አያ ዱካሌ ከጀርባ ሆነው እጃቸውን ድንጋዩ ላይ አሳርፈዋል። እኔ ቀለምና ብሩሽ ይዤ ከእንሰቱ አጠገብ ነበርኩ።

ጊዜው ጣሊያን ዲላን የያዘበት ነው። ያኔ ወጣት ነበርኩ፤ ይህን የምጽፈው በዚያን ጊዜ ከያዝኩት ደብተር ነው። ትክል ድንጋዮቹ ለአዲሱ መንገድ ጠጠር ሊፈለጡ ነበር። አጥኚው ግን የጥንት ክርስቲያኖች ታሪክ ለመንገደኛው ሁሉ እንዲታይ ስለሚፈልግ፣ መስቀል የተገኘበት ድንጋይ እንዳይነካ አስፈቅዷል። የኔታም "አንድ አለ" አሉት። እኔን የወሰዱኝ የአማርኛውን ሰሌዳ እንድጽፍ ነው።

ማለዳ

ከዲላ በበቅሎ ወጣን። ዝናቡ አድሮ ስለነበር ቀዩ ጭቃ የበቅሎዎቹን እግር እየያዘ አዘገየን። ጪጩ ገበያ ስንደርስ ቆጮ ገዛን፤ ሻጯ "ሊራ አልቀበልም" ስላለች በጨው ለወጥነው። የየኔታ አውራ ጣት በጨርቅ ተጠቅልሎ ስላየሁ ቆጮውን ቆርሼ ሰጠኋቸው።

"ምን ነካዎት የኔታ?"

"እንጨት ስፈልጥ ነው።"

እንጨት የሚፈልጡላቸው ተማሪዎቻቸው እንደሆኑ አውቃለሁ።

ከቀትር በፊት

ከጪጩ በላይ፣ በቡናና በእንሰት መካከል የሚያልፈውን ዳገት ጨርሰን ደረስን። ጣሊያኑ ድንጋዩን ከላይ እስከ ታች ሦስት ጊዜ ለካ።

"ጌታህ ስንት ጊዜ ነው የሚለካው? ሱሪ ሊያሰፋለት ነው?" አሉ አያ ዱካሌ። አስተርጓሚው ሳቀ እንጂ አልተረጎመም።

ተጠግቼ መስቀሉን አየሁ። ድንጋዩ ላይ የተቀረጹት ዓይንና የጎድን አጥንቶች አረንጓዴ የድንጋይ ሽበት ለብሰዋል። የመስቀሉ ጭረት ግን ነጭ ነው፤ ጣቴን ሳሳልፍበት ስል ጠርዙ ጫረኝ። ወደ የኔታ ዞር አልኩ። የታሰረውን ጣታቸውን ጋቢያቸው ውስጥ ከተቱ።

ጣሊያኑ አንድ ነገር ጠየቀ።

"ወይዘሪት፣ መስቀሉ የጥንት ነው ወይ ይልሻል" አለ አስተርጓሚው። "ከመምህርሽ ሌላ ምስክር ስለሚፈልግ፣ መልስሽ ወረቀት ላይ ሰፍሮ ትፈርሚበታለሽ።"

ከታች፣ ከመንገዱ ሥራ፣ ድንጋይ የሚፈልጥ መዶሻ ይሰማል። የኔታ መሬት መሬት ያያሉ።

"የጥንት ነው" አልኩና ፈረምኩ።

ከዚያ በሰሌዳው ላይ እንደታዘዝኩት ጻፍኩ፦ "የጥንት ክርስቲያኖች መቃብር። መንካት ክልክል ነው።" አስተርጓሚው ከድንጋዩ ፊት ተከለው። የኔታ ቀስ ብለው "ተመስገን" አሉ።

አያ ዱካሌ ዞረው መጡ።

"እስቲ አንብቢልኝ ልጄ።"

አነበብኩላቸው። ሁለተኛም አስነበቡኝ።

"እንግዲህ አይሰብሩትም?"

"አይሰብሩትም።"

"ደግ። ይሄ እኮ ቅድመ አያቴ ነው" አሉና ሰሌዳውን ከዳር እስከ ዳር አዩት። "ስሙ የቱ ጋ ነው ያለው?"

ብሩሹን በቅጠል ጠረግኩ። የቀለሙን ቆርቆሮ ከድኜ በቅሎዬን ፈታሁና ቁልቁለቱን ወረድኩ።